ሳይጠየቁ ፎቶ የተነሡ

ኤንሪኮ ደ ሴታ የሚባል ጣሊያናዊ የካርቱን ሠዓሊ ነበር። የፋሽስት ጦር በ1928 ዓ.ም. ወደ አገራችን ሲዘምት፣ ለዘማቹ ወታደር መሳቂያ የሚሆኑ ፖስታ ካርዶች ይሥል ነበር። ከነዚያ አንዷ እንዲህ ናት። አንድ ወታደር የጦር ሜዳ ፖስታ ቤት መስኮት ፊት ቆሟል። አጠገቡ እንደ ዕቃ ተጠቅልላ በገመድ የታሰረች ጥቁር ሴት አለች። ወታደሩ ለፖስታ ሠራተኛው የሚለው፣ ይህችን የምሥራቅ አፍሪካ ማስታወሻ ለጓደኛዬ ላክልኝ ነው። በቃ፣ ቀልዱ ይኸው ነው። ሮም ታትሞ፣ ብዙ ሺህ ወታደር ስቆበት፣ ከጀርባው ለእናትና ለእጮኛ ሰላምታ ተጽፎበት በባሕር ተመልሷል።

ነገሩ ዝም ብሎ ቀልድ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ጽሑፍ ባልጻፍኩ። ሴትየዋን በፖስታ መላክ ባይቻልም ምስሏን መላክ ይቻል ነበር። ተልኳልም፤ በኪስ፣ በደብዳቤ፣ በአልበም።

ስለ ወሲብ ፊልም ኢንዱስትሪ አጀማመር ሲወራ የሰው ሐሳብ ቶሎ የሚሄደው አሜሪካ ነው። አውቀዋለሁ፣ እኔም ከተማሪዎቼ ጋር ስለ ኪነ ጥበብና ስለ ግብረ ገብ ስንከራከር ምሳሌ የማደርገው ያንኑ ነበር። ሊንዳ ቦርማን፣ በመድረክ ስሟ ሊንዳ ላቭሌስ፣ እ.ኤ.አ. በ1972 «ዲፕ ስሮት» በተባለው ፊልም ላይ ተጫወተች። ፊልሙ በጥቂት ቀናትና በጥቂት ገንዘብ ተሠርቶ ዓለምን አዳረሰ፤ ጋዜጠኛውም ምሁሩም የነፃነት ዘመን ምልክት ነው ብሎ ጻፈለት። ለእሷ የታሰበላት ክፍያ 1,250 ዶላር ነበር። እሱንም ኪሱ የከተተው ባሏ ቸክ ትሬነር ነው። ከስምንት ዓመት በኋላ ባሳተመችው መጽሐፍ፣ ባሏ እየደበደበና በመሣሪያ እያስፈራራ እንዳሠራት ተናገረች፤ በፊልሙ ውስጥ ገላዋ ላይ የሚታየውን ሰንበርም ለምስክርነት ጠራች። ባልየው መማታቱን አልካደም፣ ማስገደዱን ግን አላምንም አለ። በ1986 ደግሞ በአሜሪካ መንግሥት በተቋቋመ ኮሚሽን ፊት ቀርባ፣ ያን ፊልም የሚያይ ሰው የሚያየው እኔ ስደፈር ነው አለች። ሚሊዮኖች አይተውታል። ሰንበሩን ልብ ያለ ተመልካች ግን ብዙም አልተሰማም፤ ሰዉ የሚያየው ፈገግታዋን ነበርና።

ጥያቄው እንግዲህ ይሄ ነው፦ ምስሉ ላይ ያለችው ሴት ፈቅዳ ነው ወይስ ተገዳ? ፈገግታ ፈቃድ ነው ወይ? ይህን ጥያቄ ይዘን ወደ ራሳችን ስንመለስ፣ ከሊንዳ ቦርማን አሥርት ዓመታት ቀድሞ እኛው አገር፣ እኛው ደጃፍ ላይ የተጀመረ ነገር እናገኛለን።

የአስመራን መንገድ ይዞ ከሰሜን የመጣ ሰው አላማጣን፣ ቆቦን አልፎ ወልዲያ ይገባል። ከወልዲያ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ገደማ ወርዶ መርሳን፣ ከዚያ ውርጌሳን፣ ከዚያ ውጫሌን ያገኛል። ውጫሌን ሁሉም ሰው ያውቃታል፤ የ1881ዱ ውል የተፈረመባት ናት። የአንድ ቃል ትርጉም ስንት ሰው እንዳስጨረሰ ሕፃን ሳለን ተምረናል። የ1928ቱም ጦር የመጣው በዚሁ መስመር ነው። መጋቢት 22 ቀን ማይጨው ላይ የሆነው ሆነ፤ በጄኔራል ፒርዚዮ ቢሮሊ የሚመራው የኤርትራ ኮር የተባለው ጦር ወደ ደቡብ ተወርውሮ ሚያዝያ 7 ቀን ደሴ ገባ። ወልዲያም የሐብሩ ቆላም የሚተላለፉበት በር ነበሩ። ከዚያ መንገድ ሠሪው መጣ፣ ሹፌሩ መጣ፣ የጦር ሰፈሩ ተተከለ። ዛሬም ድረስ የምንሄድበትን መንገድ መሠረት የጣሉት እነሱ ናቸው፤ ይህንንም አንዳንድ ሽማግሌ እስከ ዛሬ እያመሰገነ ያወራል። ምን ይደረግ!

ያ ጦር ጠመንጃ ብቻ ይዞ አልመጣም፤ ካሜራም ይዟል። ከዚያ በፊት በነበሩት የቅኝ ግዛት ጦርነቶች ካሜራ የባለሙያ ዕቃ ነበር። በ1928 ግን ተራው መኮንን፣ አንዳንዴም ተራው ወታደር፣ አንገቱ ላይ የሚያንጠለጥላት ትንሽ መሣሪያ ሆናለች። መንግሥትም በበኩሉ «ሉቼ» የተባለውን የፊልም ተቋሙን አሰማርቶ አስመራ ላይ የምሥራቅ አፍሪካ ክፍል ከፍቷል። ሉቼ በጣሊያንኛ ብርሃን ማለት ነው። ሉቼ የሚቀርጸው ሠልፉን፣ ድልድዩን፣ የሚሰግደውን ባላባት ነው። ወታደሩ የሚያነሣው ግን ሌላ ነው።

ዛሬ በጣሊያን ቁንጫ ገበያ ላይ የሚሸጡ የወታደር አልበሞችን ያዩ ሰዎች የሚነግሩን ነገር ተመሳሳይ ነው። አንድ ገጽ ላይ ድንኳንና መኪና፣ ቀጥሎ በስቅላት የተገደለ ሰው፣ ቀጥሎ ልብሷ የተገፈፈ ልጃገረድ። ሦስቱም በአንድ ሙጫ ተለጥፈው፣ ከሥራቸው በጥሩ እጅ ጽሑፍ «ትዝታ» የሚል ቃል ሰፍሮ። ከዚህ የሚገርመው ደግሞ፣ ፈጽሞ የማይተዋወቁ ሰዎች አልበም ውስጥ አንዲት ሴት፣ አንድ አቀማመጥ፣ አንድ ምንጣፍ ይገኛል። ይህ የሚሆነው ሥዕሉ ለሽያጭ ሲታተም ነው። ገዥ ነበረ፣ አባዥ ነበረ፣ ቸርቻሪ ነበረ። ይህ ኢንዱስትሪ ካልሆነ ምን ይባላል?

ሥሩ ደግሞ ከ1928 ይርቃል። ጣሊያን ምፅዋን ከያዘ በኋላ፣ በ1870ዎቹና 80ዎቹ፣ ማውሮ ሌድሩና ሉዊጂ ናሬቲ የሚባሉ ፎቶ አንሺዎች ምፅዋና አስመራ ላይ ቤት ከፍተው ይሠሩ ነበር። ናሬቲ የሚለው ስም ለታሪክ አንባቢ አዲስ አይደለም፤ ዘመዱ ጃኮሞ ናሬቲ የዐፄ ዮሐንስ አናጢ የነበረው ሰው ነው። አንዱ ናሬቲ ለንጉሥ ዙፋን ሲሠራ ሌላው ሴቶችን ምንጣፍ ላይ አጋድሞ ያነሣ ነበር። አቀማመጡን ያመጣው ከፈረንጅ ሠዓሊዎች የሐረም ሥዕል ነው፦ ክርን ላይ መደገፍ፣ ራስን ወደ ኋላ ጣል ማድረግ። የትግሬም ሆነ የአማራ ሴት እንደዚያ አትተኛም። አስተኝተዋት ነው።

ሁለት ዓይነት መግለጫ ከሥዕሉ ሥር ይጻፋል። አንዱ «ጥቁሯ ቬኑስ» የሚል የገበያ ቃል ነው። ሌላው የሳይንስ ካባ የደረበ ነው፦ «የሐበሻ ሴት ዓይነት» ይላል፤ ዓይነት፣ እንደ እህል ዓይነት። ይህ ሁለተኛው ይብሳል ባይ ነኝ፤ ምክንያቱም ሙዚየምና ዩኒቨርሲቲ ያስገባዋል። ስም የሚባል ነገር ግን የለም። ዛፉም ወንዙም ስሙ ሲጻፍለት የሴትዮዋ አይጻፍም።

እዚህ ላይ «ድሮ እኮ ሰው እንደዚያው ነበር፣ ራቁትነት ነውር አልነበረም» የሚል አይጠፋም። ይህን የሚል ሰው የወሎን ሴት አያውቃትም። የወልዲያ አካባቢ ሴት ቀሚሷን ለብሳ፣ መቀነቷን ታጥቃ፣ ነጠላዋን ደርባ ነው ከቤት የምትወጣው። ሙስሊሟም ክርስቲያኗም ፀጉሯን ሳትሸፍን እንግዳ ፊት አትቀርብም። ስለዚህ እንዲህ ያለች ሴት ራቁቷን ካሜራ ፊት ከተገኘች፣ ሥዕሉ ራሱ የወንጀሉ ማስረጃ ነው፤ አንድ ሰው አስወልቋታል። ከሐብሩ ወደ ምሥራቅ ወርደን አፋር ስንደርስ ነገሩ ይለያል፤ እዚያ ያገባች ሴት ደረቷን ሳትሸፍን መዋሏ ደንብ ነበር። ነገር ግን የአፋሯ ሴት በአገሯ ራቁቷን አልነበረችም። ለብሳ ነው የምትኖረው፤ ልብሷ እንዲያ ነው። ራቁቷን ያደረጋት ፎቶው ነው፤ ከግመሏና ከልጇ ነጥሎ ወስዶ ሚላኖ ካለ መሳቢያ ውስጥ ሲያስገባት።

«ተከፍሏቸው ይሆናል» የሚልም አለ። ሊሆን ይችላል፤ አንዳንዶቹ በከተማ በዚሁ ሥራ የሚተዳደሩ ነበሩ። ግን ማሳው የተቃጠለበት፣ ባል ዱር የገባበት ወይ የሞተበት፣ ሰፈሩ በባዕድ ጦር የተያዘበት አገር ላይ፣ ጠመንጃ የያዘ ሰው ሊሬ ዘርግቶ «ልብስሽን አውልቂ» ሲል፣ ሊሬው ነው የሚናገረው ጠመንጃው?

ቋንቋችንም እዚህ ጋ አንድ ነገር ያደርጋል። «ፎቶ ተነሣች» እንላለን። ተነሣ የሚለው ግሥ ሁለት ፊት አለው፤ ብድግ አለ ማለትም ነው፣ በሌላ እጅ ተነሣ ማለትም ነው። ሠርግ ላይ፣ ምርቃት ላይ፣ ሰው ተኳኩሎ ሲቆም «ተነሣ» ያምርበታል። በነዚህ ሴቶች ላይ ሲውል ግን አድራጊውን ይሰውረዋል፤ ራሷ ፈልጋ ብድግ ያለች ያስመስላታል። «አነሷት» ነው መባል ያለበት። ተማሪዎቼን አድራጊ የሌለው ዓረፍተ ነገር ሲጽፉ እቆጣቸው ነበር፤ ለሰዋስው ብዬ ብቻ አልነበረም።

አሁን ወደ ሕጉ እንምጣ፤ ቅሌቱ ያለው እዚያ ነው። ፋሽስቱ መንግሥት ወረራው ሲጀመር የወታደሩን ምኞት በዘፈን ሲያሟሙቅ ቆይቶ (በ1927 የተዘፈነውን «ፋቼታ ኔራ»ን ያስታውሷል፤ አንዲት ሐበሻ ልጅ ነፃ አውጥቼ ሮም እወስድሻለሁ የምትባልበትን)፣ አዲስ አበባ ከተያዘች በኋላ ደነገጠ። ነጭና ጥቁር ሊቀላቀል ነው! ዘፈኑ እንዲበርድ፣ ጋዜጦች ወታደርና የአገሬው ሴት ተቀራርበው የሚታዩበት ሥዕል እንዳያወጡ ተደረገ። ሚያዝያ 11 ቀን 1929 ዓ.ም. ደግሞ ቁጥር 880 የተሰኘው አዋጅ ወጣ፦ ማንኛውም ጣሊያናዊ ከቅኝ ተገዥ ሴት ጋር «የጋብቻ መልክ ያለው» ግንኙነት ቢፈጽም ከ1 እስከ 5 ዓመት ይታሰራል።

ልብ በሉ፣ የጋብቻ መልክ ያለው ነው የሚለው። ከሴተኛ አዳሪ ጋር ማደር ወንጀል አይደለም። ለአንድ ሌሊት መጠቀም ወንጀል አይደለም። ወንጀሉ አብሮ መኖር፣ አብሮ መብላት፣ መውደድ ነው። ስለዚህ ዳኞቹ ችሎት ተቀምጠው የሚመረምሩት ነገር ምን ነበር? ደብዳቤ ጽፎላታል? ልብስ ገዝቶላታል? ስትታመም ሐኪም ቤት ወስዷታል? ይወዳታል? ይወዳታል ከተባለ ይታሰራል፤ አይወዳትም፣ ለስሜቱ ብቻ ነው ከተባለ ነፃ ይወጣል። በዓለም ሕግ ታሪክ እንዲህ ያለ ፍርድ ቤት ብዙ ያለ አይመስለኝም። በ1932 የወጣው ሌላ ሕግ ደግሞ ጣሊያናዊ አባት ከሐበሻ የወለደውን ልጅ ልጄ ነው ብሎ እንዳይቀበል ከለከለ። ይህን ሁሉ ያጠናችው የታሪክ ተመራማሪ ጁሊያ ባሬራ ናት፤ «ማዳማ» ይባሉ የነበሩትን የኤርትራ ሴቶች ሕይወት ከፍርድ ቤት መዝገብ እየለቀመች ጽፋለች።

በዚያው ሰሞን፣ እ.ኤ.አ. በ1938፣ «ሶቶ ላ ክሮቼ ዴል ሱድ» የሚል ፊልም ወጣ። ታሪኩ የሚካሄደው ኢትዮጵያ ውስጥ ባለ የጣሊያኖች እርሻ ላይ ነው። ጨዋውን ነጭ የምታሳስት አንዲት ክልስ አለች፤ ዶሪስ ዱራንቲ የተባለች ጣሊያናዊት ናት የተጫወተቻት። የእኛ ሰዎች ከበስተጀርባ ይሠራሉ፣ ይዘፍናሉ። አሳሳቹ ማን፣ ተሳሳቹ ማን እንደሆነ ገለባብጦ መንገር ድሮም የፊልም ሙያ ነው።

ሞንታኔሊን ሳላነሣ ባልፍ ግን ነገሬ ጎዶሎ ነው። ኢንድሮ ሞንታኔሊ በጣሊያን ጋዜጠኝነት ታላቅ የተባለ ሰው ነው። በወጣትነቱ የኤርትራ አስካሪዎች አዛዥ ሆኖ ዘምቷል። እ.ኤ.አ. በ1969 በቴሌቪዥን ቀርቦ፣ የ12 ዓመት ልጅ ከአባቷ ገዝቼ ሚስት አድርጌ ነበር ብሎ ፈገግ እያለ አወራ። ከታዳሚዎቹ መካከል አስመራ የተወለደችው ኤልቪራ ባኖቲ ተነሥታ፣ ይህንን ጣሊያን አገር ባለች የ12 ዓመት ልጅ ላይ ብታደርገው ምን ይባል ነበር ብላ ጠየቀችው። እዚያ ልማዱ ሌላ ነው አለ። ከዓመታት በኋላ በሰጠው ቃለ መጠይቅ ደግሞ አገሬ ልገባ ስል ልጅቷን ለጄኔራል ፒርዚዮ ቢሮሊ አስተላለፍኳት ብሏል። ይህ ጄኔራል ማን እንደሆነ ከላይ ጠቅሻለሁ፤ በእኛ በር ያለፈው ነው። ሚላኖ ለጋዜጠኛው በ1998 ዓ.ም. ሐውልት አቆመችለት፤ እ.ኤ.አ. መጋቢት 8 ቀን 2019 የሴቶች ቀን ሮዝ ቀለም ተደፋበት፣ በዓመቱ ደግሞ ቀይ። ልጅቷን ሐውልት ቀርቶ በእርግጠኝነት የምትጠራበት ስም እንኳን የላትም፤ ሞንታኔሊ ራሱ አንዴ ደስታ፣ አንዴ ፋጢማ እያለ ነው የሚያወራት።

ከልብ ወለድ ደራሲዎቻቸው አንዱ፣ ኤንዮ ፍላያኖ፣ በ1947 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው «ቴምፖ ዲ ኡቺዴሬ» ይህን ኃጢአት ነክቶታል። መንገድ የጠፋበት መኮንን አንዲት ሴት ስትታጠብ ያገኛል፤ የሚከተለውን መገመት አያስቸግርም፤ በመጨረሻ ይገድላታል። መጽሐፉ ስትሬጋ የተባለውን ሽልማት በመጀመሪያው ዓመት ወስዷል፣ ጥሩ መጽሐፍም ነው። ቢሆንም መጽሐፉን በሙሉ የሚያወራው የእሱ ጸጸት ነው፤ እሷ የሚገባት ቋንቋ የላትም። እሷን ለማስናገር ሰባ ዓመት ጠብቀን መዓዛ መንግሥቴ መጣች። «ዘ ሻዶው ኪንግ» የተባለው የ2019 ልብ ወለዷ ውስጥ ካሜራ የያዘ ወታደር አለ፤ የታሰሩትን ሴቶች በትእዛዝ ያነሣል። መዓዛ እነዚያን የወታደር ፎቶዎች ለዓመታት ስትሰበስብ የኖረች ናት፤ ልዩነቷ ከሌንሱ ጀርባ ሳይሆን ከሴቶቹ ወገን ቆማ ማየቷ ነው።

ጣሊያን በ1933 ሲወጣ ካሜራውን ይዞ ወጣ፤ ገበያውን ግን ትቶልን ሄደ። ሪቻርድ ፓንክረስት ስለ ሴተኛ አዳሪነት ታሪካችን በጻፉት ጥናት ወረራው ይህን ሥራ ምን ያህል እንዳስፋፋው አሳይተዋል። በየመንገዱ ዳር የበቀሉት ከተሞች፣ የጭነት መኪና ማደሪያዎቹ፣ ቀይ አምፖሎቹ ታሪካቸው ከዚያ ይጀምራል። «የወሎ ቆንጆ» የሚለው ነገራችንም እኮ ጤነኛ አይደለም። በዘፈን ስናሞግሳት፣ ቡና ቤት ስንመርጣት፣ «ከየት ነሽ? ከወልዲያ? እ!» ስንል፣ እኛም ወንዶቹ «ዓይነት» እያልን ነው።

የወሎ ሰው ከዚያ በኋላም ሁለቴ ለዓለም ካሜራ ተሰጥቷል። የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም በ1966 ረሃባችንን ገለጠ፤ በዓመቱ በእንቁጣጣሽ ምሽት ከንጉሡ ድግስ ጋር ተቀላቅሎ በቴሌቪዥን ሲታይ በማግሥቱ ዙፋን ወደቀ። በ1977 የሞሐመድ አሚን ካሜራ ቆረም ላይ ያነሣው ደግሞ ዓለምን አስለቅሶ እህል አመጣ። ሕይወት አድኗል፣ ይህን አልክድም። ራቁቱን እየሞተ የተነሣው ሰው ግን ተጠይቆ ነበር? ደግ ዓላማ ይህን ጥያቄ አያስቀርም። በራሳችን ሰዎች እጅም ደርሷል፤ በ2006 ዓ.ም. መጨረሻ «ድፍረት» የተባለው ፊልም ብሔራዊ ቴአትር ሊመረቅ ሲል በፍርድ ቤት እግድ ቆመ። ፊልሙ የተሠራበት ታሪክ ባለቤት አበራሽ በቀለ፣ ያለ ፈቃዴ ነው ብላ ነበር። የጠለፋን ክፋት የሚያስተምር ፊልም! በ2014ቱ ጦርነት ማግሥትም ወደ ሰሜን ወሎ የጎረፈው ማይክሮፎን የተደፈሩ ሴቶችን ሲያናግር፣ አንዳንዱ ፊት ሸፍኖ ድምፅ ይተዋል፣ ሌላው ድምፅ ለውጦ ሰፈሯን ይናገራል።

ዛሬ እነዚያ የወታደር ፎቶዎች ከመሳቢያ ወጥተው ስልካችን ላይ ናቸው። «ድሮ ኢትዮጵያ» በሚል ርእስ ይለጠፋሉ፤ ወጣቱ ሥሩ «ውበት!» ብሎ ይጽፋል። በ2008 የወጣው የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ፣ ቁጥር 958፣ ለአካለ መጠን ያልደረሱ ልጆችን ወሲባዊ ምስል የሚያሰራጭን ይቀጣል። በነዚያ ሥዕሎች ላይ ያሉት ልጆች ደግሞ ስንቶቹ አሥራ ሁለትና አሥራ ሦስት የሞላቸው እንደሆኑ ፊታቸውን አይቶ መፍረድ ነው። ዘጠና ዓመት ማለፉ ልጅቷን አላሳደጋትም።

አንድ ጊዜ ወልዲያ ውስጥ አንድ የባህል ምግብ ቤት ገብቼ፣ ከመሶቡ በላይ ግድግዳው ላይ ከእነዚህ ሥዕሎች አንዱ በትልቁ ታትሞ ተሰቅሎ አየሁ። ደረቷን የገለጠች ልጅ ናት፣ እንስራ አስይዘዋታል። እጇ እንስራውን አልያዘም፤ አንገቷ ጋ ያለችውን ጨርቅ ጨብጧል። የቤቱን ልጅ ጠራሁት።

«ይቺ ማን ናት?»

«ኧረ እኔንጃ ጋሼ፣ ከኢንተርኔት ነው ያወጣናት። እንግዳ ይወዳታል፤ ፎቶ አብረዋት ይነሣሉ።»

የማውቀውን ነገርኩት፤ ጣሊያኑን፣ አልበሙን፣ ገበያውን። በትሕትና አዳመጠኝ፣ ሻዩንም አላስከፈለኝም። በሌላ ጊዜ ስመለስ ሥዕሉ እዚያው ነበር፤ መስታወት አስገብተውለታል።